ሔዋን ሁለት ጣት ያነሳች ዕለት

መርሳ ላይ ሔዋን ሽፈራውን በአባቷ ስም የሚጠራት ሰው ጥቂት ነው፤ «ሔዋን ዘጠኝ» ነው የሚሏት። የባጃጅ መለዋወጫ የምትሸጥበት ሱቅ ታፔላ ላይ ሌላ ስም ተጽፎ እያለ እንኳ ሾፌሮቹ እርስ በርሳቸው «ካንዴላ ከዘጠኝ ጋ አታጣም» ይባባላሉ።

ስሙ የወጣላት በቅርጫት ኳስ ነው። ከቅርጫቱ ራቅ ብሎ ከተሰመረው ቅስት ውጭ ቆመው የወረወሩት ኳስ ከገባ ሦስት ነጥብ ያስገኛል፤ መስመሩን ከረገጡ ግን ሁለት ብቻ ነው። ሔዋን የአሥራ ዘጠኝ ዓመት ልጅ ሳለች፣ ወልድያ ላይ በተደረገ የዞን ውድድር፣ በአንድ ጨዋታ ዘጠኝ ባለ ሦስት ነጥብ አስቆጠረች። ከዚያ ወዲህ አሥራ ሁለት ዓመት ሙሉ ከዞኑ ሴቶች ያንን ክብረ ወሰን የነካው አልነበረም።

ጉልበቷ ተጎድቶ መጫወት ሲያቅታት ሜዳውን ለመተው አንጀቷ አልቆረጠላትም። የዳኝነት ኮርስ ወስዳ ፊሽካ አነሳች። ባሏ ንጉሴ ከመርሳ ወልድያ ሚኒባስ ይነዳል፤ ጨዋታ ባለባት እሑድ ሁሉ ጋቢና አስቀምጦ ይወስዳታል፤ ማታ ይመልሳታል። በዳኝነቷ የሚያማት ሰው አልነበረም። እንዲያውም «ይቺ ሴትዮ ለእናቷም አታዳላም» ይሏት ነበር።

ያን እሑድ ወልድያና ቆቦ ለግማሽ ፍጻሜ ተገናኙ። ሜዳው ገላጣ የሲሚንቶ ሜዳ ነው፤ ተመልካቹ ዙሪያውን በግንብ መቀመጫው ላይ፣ የተረፈው አጥሩ ላይ ተንጠላጥሎ ነበር። ሁለተኛው ዳኛ ሮቤል የሚባል የወልድያ ልጅ ነው። ነጥብ የሚመዘግቡት ደግሞ ጋሽ መልካሙ፣ ሔዋንን በልጅነቷ ያሠለጠኑ ጡረተኛ የስፖርት መምህር ናቸው።

ጨዋታው በተጀመረ በሦስተኛው ደቂቃ ኤደን የምትባለው የወልድያ ተጫዋች የመጀመሪያውን ባለ ሦስት ነጥብ አስገባች። ቀጭን፣ ረጅም፣ ዝምተኛ ልጅ ናት። ኳሱ ከእጇ ሲወጣ ድምፅ የለውም፤ መረቡ ብቻ ነው «ሿ» የሚለው። ሁለተኛውን ከግራ፣ ሦስተኛውን ፊት ለፊት፣ አራተኛውን ሁለት ተከላካይ ፊቷ ላይ ቆመው ሳለ አስገባችው። ለዕረፍት ሲወጡ አምስት ደርሳ ነበር።

ሔዋን ውኃ ልትጠጣ ወደ ጠረጴዛው ስትጠጋ ጋሽ መልካሙ ቀና ብለው ሳያዩዋት፣ «አምስት» አሏት።

«አይቻለሁ ጋሼ።»

«ልጅቷ ዛሬ እጇ ሞቋል። ነገሩ ወደ አንቺ እየመጣ ነው። ለኮሚቴው ልንገርና ሌላ ዳኛ ይፈለግ?»

«በግማሽ ጨዋታ ከየት ይመጣል?»

«እሱስ እውነትሽን ነው።» መነጽራቸውን አውልቀው በሸሚዛቸው ጫፍ ጠረጉት። «እኔ የፈራሁት ላንቺ ነው። ትክክል ብትፈርጂም ሰው የሚያወራው አያጣም።»

«ያውራ» አለች ሔዋን። ውኃዋን ሳትጨርስ ወደ ሜዳው ተመለሰች።

ከዕረፍት በኋላ ኤደን ስድስተኛውን፣ ወዲያው ሰባተኛውን ጨመረች። ሕዝቡም ነገሩን ደረሰበት። ማን እንደጀመረው አይታወቅም፤ ኳስ በገባ ቁጥር አጥሩ ላይ ያሉት በአንድ ድምፅ መቁጠር ያዙ። ስምንተኛው ሲገባ «ስምንት!» የሚለው ጩኸት ሜዳውን አናወጠው። ከዚያ ሔዋን ሌላ ነገር አስተዋለች፤ ሰዉ ኤደንን አይቶ ሲያበቃ እሷን ዞሮ ያያል። እንዴት እንደቆመች፣ ፊቷ እንዴት እንደሆነ ያነባል። ፊሽካ ስትነፋ ከንፈሯ ደርቆ አንዴ ድምፁ ቀጥኖ ወጣ፤ አንዱ ከኋላ «ዘጠኝ፣ ምነው ደነገጥሽ!» ብሎ አሳቀባት።

እውነቱን ለመናገር ደንግጣለች። ያ ቁጥር በሕይወቷ ካገኘችው ሁሉ ማንም ያልሰጣት፣ ራሷ ያመጣችው ነገር ነው። ግን በዚያው ልክ የልጅቷን አወራወር ስታይ የገዛ ክንዷ ይነዝራት ነበር፤ እንዲገባላት እየፈለገችም፣ እንዳይገባ እየፈለገችም። ይህን ለራሷ ስትነግር አፈረች፤ እናም ዓይኗን ከኳሱ ነቅላ የዳኛ ሥራ ወደሆነው ወደ እግር አወረደችው።

ሊጠናቀቅ ሁለት ደቂቃ ሲቀረው ዘጠነኛው ገባ። ክብረ ወሰኑ እኩል ሆነ።

ቆቦዎች ግን በቀላሉ የሚረቱ አልነበሩም። ስድስት ሰከንድ ሲቀር ስድሳ ሦስት ለስድሳ አንድ እየመሩ ነው። የወልድያ አሰልጣኝ ዕረፍት ጠየቀ፤ ልጆቹን ሰብስቦ አንዲት ነገር ብቻ ተናገረ። ምን እንዳለ ለማወቅ መስማት አያስፈልግም ነበር። ኳሱ ለኤደን ነው። ሦስት ካገባች ወልድያ በአንድ ነጥብ አሸንፎ ለፍጻሜ ያልፋል፤ የሔዋንም ቁጥር ይሰበራል።

ኳሱ ከጎን ተወረወረ። ኤደን ከመሃል ተነስታ በቀኝ በኩል ወዳለው ጥግ ሮጠች፤ ኳሱን ተቀበለች። ሔዋን የቆመችው እዚያው ጥግ፣ ከሷ ሁለት እርምጃ ብትርቅ ነው። የቆቦዋ ተከላካይ እጇን ዘርግታ ስትመጣ ኤደን ግማሽ እርምጃ ወደኋላ አለችና ዘለለች። ሔዋን የምታየው ኳሱን አልነበረም። የልጅቷ የግራ ጫማ ጫፍ፣ ከመሬት ከመነሳቱ በፊት፣ ነጩን መስመር አንድ ጣት ያህል ረግጦ ነበር።

የማብቂያው ደወል ጮኸ። መረቡ «ሿ» አለ።

ሕዝቡ «አሥር!» ብሎ ከአጥሩ ወደ ሜዳው ፈሰሰ። የወልድያ ልጆች ኤደንን አንስተው ሲሸከሟት ሔዋን ፊሽካዋን ሦስት ጊዜ ነፋች። ሰዉ ዞረ። እሷም እጇን ከፍ አድርጋ ሁለት ጣት አሳየች፤ በሌላው እጇ መስመሩን ጠቆመች።

 ከዚያ የተነሳውን ጩኸት እስከ ዛሬ ስታስታውሰው ጆሮዋ ይጮኻል።

«ቀናተኛ!» አለ አንዱ። «ቁጥሯን ልታስጠብቅ ነው!» አለ ሌላው። የውኃ ፕላስቲክ መጥቶ ትከሻዋን መታት። አሰልጣኙ አፍንጫዋ ሥር ደርሶ፣ «በእግዜር ፊት ንገሪኝ፣ ነክታለች?» ሲል ጮኸባት።

«ነክታለች።»

«ሮቤል! አንተ ተናገር እንጂ!»

ሮቤል ቅርጫቱ ሥር ነበር። ፊቱ ገርጥቷል። «እኔ… ተጫዋቾች ከልለውኝ ነበር። አላየሁም» አለ። አልዋሸም፤ ሔዋንም ታውቃለች። ግን «እሷ ካየች አይታለች» የምትል አንዲት ቃል ጠበቀችበት፤ አልመጣችም።

ኤደንን ፈለገቻት። ልጅቷ ከትከሻ ላይ ወርዳ፣ እጆቿን ወገቧ ላይ አድርጋ ጫማዋን እያየች ቆማለች። ቀና አላለችም።

ፖሊሶች ሕዝቡን ወደ አጥሩ መልሰው፣ ስድሳ ሦስት እኩል ስለሆነ አምስት ደቂቃ ጭማሪ ተሰጠ። በዚያ አምስት ደቂቃ ኤደን ሁለት ጊዜ ከሩቅ ወረወረች፤ ሁለቱም ብረቱን መትተው ወጡ። ቆቦ ሰባ ለስድሳ ስምንት አሸነፈ። ጋሽ መልካሙ ውጤቱን ጽፈው እርሳሳቸውን ኪሳቸው ከተቱ፤ በሔዋን አጠገብ ሲያልፉ ክንዷን ጨበጥ አድርገው ለቀቁት።

ንጉሴ ሚኒባሱን እስከ በሩ አስጠግቶ ጠበቃት። ስትገባ ከኋላ አንድ ድንጋይ መጥቶ የጎኑን መስታወት ሰነጠቀው። ከከተማው ወጥተው የሐራን መገንጠያ አለፉ።

«አንድ ነገር ልጠይቅሽ፤ እንዳትቆጪኝ» አለ ንጉሴ። «እውነት ነክታለች?»

ሔዋን ዞር ብላ አየችው። «ጫማዋ ከእኔ የሚርቀው ካንተ እስከዚህ መስኮት ያህል ነበር።»

«እሺ» አለ። «እሺ» ሲል ግን ዓይኑን ከመንገዱ አላነሳም።

ፕላስቲኩም፣ ድንጋዩም፣ ስድቡም እንደዚያች «እሺ» አላመማትም።

የሚቀጥለው ሳምንት ረጅም ነበር። አንዱ በስልኩ የቀረጸው ምስል ከሰው ሰው ተላለፈ፤ ግን የቆቦዋ ተከላካይ እግር የኤደንን ስለሸፈነው እያንዳንዱ የፈለገውን ያይበታል። ወልድያ መናኸሪያ ውስጥ ንጉሴ ተራው ደርሶ ሲጭን «የዘጠኝ ባል ነው» ተባብለው ሦስት ሰዎች ወረዱበት። የውድድሩ ኮሚቴ ሔዋንን ጠርቶ ካናገራት በኋላ «ለደኅንነትሽ ስንል» አላትና ከፍጻሜው ጨዋታ አወጣት። ሮቤል የጻፈው ሪፖርት ሁለት መስመር ብቻ ነበር፤ አላየሁም ይላል። እሷም ሌሊት ሌሊት ያንን ጫማ በሐሳቧ ደጋግማ ስታይ ከርማ በመጨረሻ ራሷን መጠራጠር ጀመረች። ቁጥሬን ስለፈራሁ ይሆን መስመሩን ያየሁት?

ሐሙስ ከሰዓት ሱቋ በር ላይ ቀጭን ጥላ ቆመ። ኤደን ናት። ብቻዋን ከወልድያ መጥታለች።

«እንደምን ዋሉ እትዬ ሔዋን» አለች፣ ከደፉ ሳታልፍ።

«ግቢ። እርስዎ አትበይኝ፤ ያን ያህል አላረጀሁም።»

ልጅቷ ገብታ በጎማው ቁልል አጠገብ ቆመች። የቦርሳዋን ማንገቻ ትጠመዝዛለች። «መስመሩ በዘይት ቀለም ተደራርቦ ስለተቀባ ወፍራም ነው» አለች። «ሲረገጥ ያስታውቃል።»

ሔዋን የያዘችውን የፍሬን ሸራ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች። «እና?»

«ስዘል ከጣቴ ሥር ተሰምቶኛል።»

መንገድ ላይ አንድ የጭነት መኪና ጥሩምባውን እየነፋ አለፈ። 

«ታዲያ ያን ጊዜ ለምን አልተናገርሽም?» አለች ሔዋን። ድምፅዋ ካሰበችው በላይ ከረረ። «አጠገቤ ቆመሽ አልነበር? ሲሰድቡኝ፣ በፕላስቲክ ሲመቱኝ?»

«ፈራሁ።» እንባዋ መጣ። «ሁሉም ተሸክሞኝ ነበር እኮ። በማግሥቱ ለአሰልጣኜ ነገርኩት፤ ‹ያለፈ ነገር ነው፣ ዝም በይ› አለኝ። ዝም ማለት አቃተኝ። ዛሬ ጠዋት ለኮሚቴው ጽፌ ፈርሜ ሰጥቻለሁ።»

 ሔዋን ልታቅፋት አልቃጣትም፤ ልታባርራትም አልሆነላትም። በርጩማ ሳብ አድርጋ «ተቀመጪ» አለቻትና ከጎረቤት ለስላሳ አስመጣችላት። ለቀናት ደረቷ ላይ የከረመው ነገር ግን ቀለል ሲልላት ተሰማት፤ ዓይኔ አልዋሸኝም፣ አለች በልቧ።

ንጉሴ መኪናውን አቁሞ ሊገባ ሲል በሩ ላይ ሆኖ ሁሉንም ሰምቷል። በማግሥቱ ጠዋት መርሳ መናኸሪያ ውስጥ ተሳፋሪ እየጫነ ድምፁን ከፍ አድርጎ ለሁሉም ያወራ ነበር፤ «ነክታለች! ልጅቷ ራሷ በአፏ ተናግራለች! ሚስቴ ዓይኗ ንስር ነው!»

ሔዋን ቁርስ ልታደርስለት መጥታ ሰማችው። ሰዉ እስኪሄድ ጠበቀችና በመስኮቱ በኩል ሳህኑን አቀበለችው።

«እሷ ስትናገር አመንክ» አለችው። «እኔ ስነግርህ ግን ‹እሺ› አልከኝ።»

 ንጉሴ ሳህኑን ጭኑ ላይ አስቀመጠ። «አጥፍቻለሁ» አለ ዝቅ ባለ ድምፅ። ነገሩ በዚያች ቃል አልተሻረም፤ በቤታቸው ውስጥ ጥቂት ወር ወስዷል።

ኮሚቴው ሔዋንን ወደ ሥራዋ መለሳት። ወልድያ ላይ ጥቂቶች ይቅርታ ጠየቋት፤ ጥቂቶች ደግሞ ኤደንን «ከተማዋን የሸጠች» እያሉ ፊት ነሷት፤ ልጅቷ ግን መጫወቷን አላቆመችም።

በተከታዩ ዓመት፣ ሔዋን ሱቋ ውስጥ ከአንድ ባለ ባጃጅ ጋር በዋጋ ስትከራከር ስልኳ ጮኸ። ጋሽ መልካሙ ናቸው፣ ከሜዳው ዳር። ከኋላቸው የሰው ሁካታ ይሰማል።

«አሥራ አንድ» አሏት።

 ደስ አላት ቢባል ውሸት ይሆናል፤ መጀመሪያ የመጣባት አንድ የቤት ዕቃ ተሸክመው ከደጇ ሲያወጡባት የሚሰማ ዓይነት ስሜት ነበር። ከዚያ፣ «ሁሉም ከመስመር ውጭ?» አለች።

«ሁሉም። አንዱ እንኳ አያጠራጥርም።»

ደንበኛውን ሸኝታ፣ በሩን ገርበብ አድርጋ፣ ለኤደን ደወለችላት። ልጅቷ ገና እያለከለከች ነው።

«እንኳን ደስ ያለሽ» አለቻት ሔዋን። «አንድ ነገር ንገሪኝ። ስንተኛው ላይ ነው ክንድሽ የከበደሽ?»

ኤደን አሰበች። «ሰባተኛው ላይ። ኳሱ ድንጋይ የሆነ መሰለኝ። ከዚያ በኋላ ቀለለኝ።»

«እኔም ሰባተኛው ላይ ነው» አለች ሔዋን፣ በርጩማው ላይ እየተቀመጠች። «እስቲ ከመጀመሪያው ጀምረሽ አንድ በአንድ ንገሪኝ።»