የመክት ደጃፍ

ጣሊያን በወጣ በአምስተኛው ዓመት፣ ማክሰኝት አካባቢ አልጠመድ ያለ በሬ ያለው ገበሬ ሁሉ የሚሄደው አያ ዋኘው ዘንድ ነበር። ሲዋጋ የሰነበተውን ጥንድ ተቀብሎ በሳምንቱ እያረሰ ይመልሰዋል። ታዲያ ይኼ የበሬ ሊቅ ለገዛ ቤቱ ሲሆን ምን ነካው? አይ አያ ዋኘው!

ጥሩ የምትባለው ሚስቱ ከሞተች ሦስት ዓመት ሆኗት ነበርና ዘመድ መክሮት ከፀዳ መንደር ሸዋአየሁ የምትባል ባሏ የሞተባት ሴት አገባ። ይዛ የመጣችው አንድ ጥቅል ልብስና ቦራ የሚባል ውሻ ነው። ቦራን ቡችላ ሳለ ያመጣላት ሟቹ ባሏ ነው፤ ከእሱ የቀራት እንግዲህ ይኸው ውሻ ብቻ ነበር።

የአያ ዋኘውን ደጃፍ ደግሞ ስምንት ዓመት የጠበቀው መክት የሚባል ሽማግሌ ውሻ ነው። አያ ዋኘው ቦራን ጎትቶ በመክት ደጃፍ አስገባና ለሁለቱም በአንድ ገበቴ አጥንት አቀረበ። ይላመዱ ብሎ እኮ ነው! ገበቴው ተገለበጠ፣ የቦራ ጆሮ ተተረተረ። በማግስቱ መክትን በዱላ ቢለው ጭራሽ ባሰበት።

በዚያው ሰሞን ሸዋአየሁ ከምድጃው ጎን ባለችው በርጩማ ልትቀመጥ ስትል፣ "እሷ እንኳ የጥሩ ናት፤ ሌላ ቦታ ተቀመጪ" አላት። ክፋት አልነበረበትም። እሷ ግን ከዚያ ወዲያ ቆማ መዋል ጀመረች።

ረቡዕ ጥቅሏን አስራ በሩ ላይ አኖረች።

"አያ ዋኘው፣ ባለቤቱን ካልናቁ አጥሩን አይነቀንቁም። ውሻዬ ማደሪያ ያጣበት ቤት ለእኔም አይሆነኝም። እሑድ ወንድሜ ይመጣል፤ ፀዳ እገባለሁ።"

አያ ዋኘው ወዷት ነበር፤ አፍ አውጥቶ መናገሩን ነው ያልቻለበት።

ሐሙስ ጠዋት ደሴ የሚባል ገበሬ ሁለት በሬ እየነዳ መጣ። አንዱን ከገበያ ገዝቶ ከነባሩ በሬ በረት ቢያስገባው ተዋግተው ደም በደም ሆነዋል።

"ምነው ደሴ!" ብሎ ጮኸበት አያ ዋኘው። "በረቱን በለመደ በሬ ላይ እንግዳ ይዘህ ትገባበታለህ? የማንም ባልሆነ ሜዳ አገናኛቸው፤ አራርቀህ ጎን ለጎን ንዳቸው፤ ሲደክማቸው እኩል ይግቡ። ዱላ ደግሞ..."

እዚህ ላይ አፉን ያዘ። ሸዋአየሁ በር ላይ ቆማ ታየዋለች። የራሷ አሮባት የሰው ታማስላለች ማለት ይኼ ነው!

ከሰዓት በኋላ ሁለቱን ውሾች በገመድ አሰረ። "ቦራን አንቺ ያዢው፤ መክት ለእኔ ይሁን" አላት። በጎንደር መንገድ እሱ በአንድ ዳር፣ እሷ በሌላው ዳር ሄዱ። የመጀመሪያ ቀን መክት እስኪታነቅ ጎተተ። ዓርብ መጮኹን ተወ። ቅዳሜ ተቀራርበው ሄዱ፤ ሰዎቹም መነጋገር ጀመሩ። ስለ ሟቹ ባሏ ጠየቃት፤ ከተጋቡ ወዲህ አንድ ቀን እንኳ ጠይቋት አያውቅም ነበር። ነገረችው። እሱም ስለ ጥሩ ነገራት፤ አለቀሰም።

ሲመለሱ ውሾቹ እኩል ገቡ። መክት ደጃፉ ላይ ተጋደመ፤ ቦራም ክንድ ያህል ራቅ ብሎ ተኛ። መክት አንድ ዓይኑን ገልጦ አየውና መልሶ ጨፈነ። ሸዋአየሁ ግን ጥቅሏ አጠገብ እንደቆመች ነበር።

አያ ዋኘው ውሾቹን አየ፤ እሷን አየ። ለካ በረቱን የለመደው በሬ እኔው ነኝ፣ አለ በልቡ። ገብቶ በርጩማዋን አመጣና አጠገቧ አኖረላት።

"ቁጭ በይ።"

"የጥሩ አይደለችም?"

"የጥሩ ናት። እሷም ብታይሽ ቆመሽ መዋልሽን አትወድም።"

ሸዋአየሁ ተቀመጠች። ዓይኗን በነጠላዋ ጠረገችና፣ "በሉ እንግዲህ ጥቅሌን አስገቡልኝ፤ አቧራ ጨረሰው" አለችው።