ሬዲዮ ጠጋኙና የምራታቸው ኮምፒውተር

አርባ ዓመት ሙሉ የሰው ሬዲዮና ቴሌቪዥን ሲፈቱና ሲገጥሙ የኖሩት አዛውንት፣ በሰፈሩ አጠራር «መሐንዲሱ» ይባሉ ነበር። መሐንዲስ አልነበሩም፤ ስሙ ግን ስለጣማቸው አስተባብለው አያውቁም።

መብራት በጠፋ በሦስተኛው ቀን ረፋድ ላይ፣ ምራታቸው ማምሻውን የምታስረክበው የሕንፃ ፕላን በጠረጴዛ ኮምፒውተሯ ውስጥ እንደ ተቆለፈ ቀርቶ ስትብሰለሰል አዩና ጄኔሬተር ተውሰው መጡ። አያያዛቸው እንከን አይወጣለትም ነበር። ጭሱ ቤት እንዳይገባ ከመስኮትና ከበር አርቀው ግቢው ጥግ ላይ አስቀመጡት፤ ዘይቱን አዩ፤ ምንም ሳይሰካበት አስነሡት፤ ድምፁ ሲረጋ ፍሪጁን፣ አንድ አምፖልና ኮምፒውተሩን በወፍራም ማራዘሚያ ገመድ አገናኙ።

ፍሪጁ ሲነሣ አምፖሉ ፈዘዘ። መሐንዲሱ ይህን እንደ ንቀት ቆጠሩት። ካቻቢቴያቸውን መዘው የሞተሩን ፍጥነት የሚወስነውን ብሎን ያዞሩት ጀመር።

«አባባ፣ መጀመሪያ በቴስተር አይለኩትም?» አለች ምራታቸው ከደጃፍ ሆና።

«ቴስተር የምይዘው እኮ ደንበኛ ደስ እንዲለው ነው፣ ልጄ። ለኔ ጆሮዬ ይበቃኛል!»

ሳቀች። እሳቸውም ሳቁና አንድ ዙር ጨመሩ። አምፖሉ ደመቀ፤ እሷም ገብታ ሥራዋን ቀጠለች። ጥቂት ቆይቶ ፍሪጁ በራሱ ጊዜ ሲያርፍ፣ ሸክም የቀለለለት ሞተር ሽምጥ ጋለበ፤ አምፖሉ ቦግ ብሎ ነጣና ድርግም አለ፤ ከውስጥ፣ ከኮምፒውተሩ በኩል «ጧ!» የሚል ድምፅ፣ ተከትሎም የተቃጠለ ፕላስቲክ ሽታ መጣ።

ምን እንደ ሠሩ ወዲያው ገባቸው። ከአፋቸው የወጣው ግን ሌላ ነበር።

«አሮጌ ዕቃ! ድሮም ቋፍ ላይ ነበር።»

ምራታቸው አመነቻቸው፤ ያገለገለ ዕቃ በመግዛቷም ራሷን ትወቅስ ጀመር። ከሁሉ ይልቅ አንጀታቸውን የቆረጠው ይኸው ማመኗ ነው።

ልጃቸው ለምሳ ሲመጣ ነገሩን ሰማና ሚስቱ ላይ አፈጠጠ። «ያገለገለ ኮምፒውተር አትግዢ ብዬ ለምኜሽ አልነበር? ይኸው! አሁን ለአሠሪሽ ምን ልትዪ ነው?»

«ጥፋቱ የኔ ነው» አለች አንገቷን ደፍታ።

ሽማግሌው የሚገቡበት ጠፋቸው። በዚያ ሁሉ የሥራ ዘመን የደንበኛ ዕቃ በእጃቸው ሲበላሽ አንድም ቀን ዋሽተው አያውቁም ነበር። የዋሹት ዛሬ፣ በገዛ ቤታቸው፣ አባባ ብላ በምትጠራቸው ሴት ላይ ነው።

«ተዋት» አሉ በመጨረሻ። «ዕቃው ጤነኛ ነበር። እኔ ነኝ ያቃጠልኩት። በቴስተር ይለኩ ብላኝ ሳልለካ፣ ከልኩ ያለፈ ኃይል ለቀቅሁበት።»

ልጃቸው ክው አለ። ምራታቸው ቀና ብላ አየቻቸው። ቁጣ ጠብቀው ትከሻቸውን ሰበሩ፤ ቁጣው ግን አልመጣም።

«መቃጠሉስ ይሁን፣ አባባ» አለች በቀስታ። «እንዲያው ከረፋድ ጀምሮ ራሴን ስወቅስ እያዩ፣ እንዴት ዝም ይሉኛል?»



«አፍሬ» አሉ። ከዚያ ወዲያ ዐይኗን ማየት አልሆነላቸውም።