በጥርጣሬ ያየዋል

ባለፈው ሳምንት ጅግጅጋ ገበያ አጠገብ ሻይ ቤት ተቀምጬ ቴሌቪዥኑ ላይ እኔው መጣሁ፤ ኬላ ላይ ቆሜ ሾፌር ሳፋጥጥ። አጠገቤ ያለ ነጋዴ ዞሮ አየኝ።

«ዋርያ፣ ይሄ አስተያየትህ ያስፈራል። የት ተማርከው?»

«ሽንሌ» ብዬ የግመል ወተት ሻዬን ጠጣሁ። ለምን እንደጠየቀኝ እንጃ። ሰው በከንቱ አይጠይቅም።

ስምንት ዓመት ሙሉ በፊልም ላይ ዘበኛ፣ ኮንትሮባንዲስት፣ ክፉ አጎት ሆኛለሁ። ዋና ሰው ሆኜ አላውቅም፤ ሦስተኛው ክፍል ላይ እሞታለሁ ወይም እታሰራለሁ። ፂሜ ላይ ዱቄት እየነሰነሱ ሽማግሌ ያደርጉኝ ነበር። አሁን ዱቄቱ አያስፈልግም።

የፊልም ሰዎች ሽንሌ የመጡት ለውጡ በመጣ ማግስት፣ ነፋሱ አሸዋ በሚያበላበት ወር ላይ ነው። እኔ ጫኝና አውራጅ ነበርኩ። ዳይሬክተሩ ፊቴን አየና የኬላ ጠባቂ አደረገኝ፤ አንድ ወረቀትም ሰጠኝ። ፊደል አላውቅም ማለት አፈርኩ። ካወቁ ሌላ ሰው ይፈልጋሉ።

ግቢ የምንጋራ መምህር ግርማ የሚባል የጎጃም ሰው ነበር። ከአንድ ሳህን ፓስታ በፍየል ሥጋ የምንበላ ወዳጄ ነው። ለእሱም ዋሸሁት።

«መምህር፣ ዓይኔን አሞኛል። አንብብልኝ።»

ደጋግሞ አነበበልኝ። አንዳንድ ቦታ ድምፁን ዝቅ ያደርጋል። እኔም እንደሱ ዝቅ እያደረግኩ ሸመደድኩት።

በማግስቱ ካሜራው ተደቀነ። መኪናውን አስቆምኩና በወፍራም ድምፅ «ምን ጭነሃል?» አልኩ። ቀጥዬ፣ ድምፄን ዝቅ አድርጌ፣ «በጥርጣሬ ያየዋል» አልኩ። ከዚያ ጮኼ «ውረድ!»

ሾፌር የሆነው ልጅ መሪው ላይ ተደፋ። ካሜራ የያዘው ሳቀ፤ የመንደሩ ሰው ሁሉ ሳቀ።

«ማነው የሚያየው አብዲ?» አለ ዳይሬክተሩ እንባውን እየጠረገ።

አንድ በአንድ አየኋቸው። ዳይሬክተሩ ሳቁን አቆመና «እንደሱ! እንደሱ እያየህ ቁም!» አለ። እንጀራዬ የተጀመረው እዚያ ላይ ነው። እኔ ግን የማስበው መምህርን ብቻ ነበር።

በቀጥታ ወደ ግቢያችን ሄድኩ። ደጃፉ ላይ ከሌሎች መምህራን ጋር ተቀምጧል።

«መሳቂያ አደረግከኝ! ያልተጻፈ አነበብክልኝ!»

«የተጻፈውን ነው ያነበብኩት። እንካ፣ ራስህ እየው።»

ወረቀቱን ተቀብዬ አፈጠጥኩበት። ጉንዳን የሄደበት አሸዋ ነው።

«የለም» አልኩ።

መምህር ረጅም ጊዜ አየኝ። ጓደኞቹን አየ። «እሺ አብዲ፣ የለም ካልክ የለም» አለ።

አመነ ብዬ ወረቀቱን ኪሴ ከተትኩ። በዚያው ሳምንት ዕቃዬን ይዤ ጅግጅጋ ገባሁ።

የጎልማሶች ትምህርት የተመዘገብኩት ለእውቀት አልነበረም። እሱን በማስረጃ ለመያዝ ነው። ከሁለት ዓመት በኋላ ወረቀቱን ዘረጋሁና ፊደል በፊደል ለቀምኩት። «ምን ጭነሃል?» ይላል። ከዚያ በሁለት ጎባጣ መስመር መሀል፣ «በጥርጣሬ ያየዋል»። አስተማሪያችንን ጠየቅኩ። ቅንፍ ይባላል አለችኝ፤ ለተዋናዩ የተጻፈ ማሳሰቢያ ነው፣ አይነገርም።

መምህር ድምፁን ዝቅ ያደረገው ለዚያ ነበር። የማነብ ስለመሰለው አላብራራልኝም። ደጃፉ ላይ ግን ገብቶታል። በሰው ፊት ሊያዋርደኝ ስላልፈለገ ጥፋቱን ራሱ ወሰደ።

ወደ አገሩ ተዛውሯል አሉኝ። ስልኩን ማግኘት አላቃተኝም፤ አፌ ነው ስንት ዓመት እምቢ ያለው። ባለፈው ሳምንት፣ ነጋዴው ከጠየቀኝ በኋላ፣ ጻፍኩለት፦ «መምህር፣ አብዲ ነኝ። ወረቀቱ ላይ ነበረ። አጥፍቻለሁ።»

ሐሙስ መለሰልኝ። «የትኛው አብዲ?»

ዛሬ ሰኞ ነው። ረስቶኝ ከሆነ ይቅርታው ለማን ነው? እያወቀ ከሆነ ደግሞ እየተጫወተብኝ ነው። «የሽንሌው» ብሎ መጻፍ አንድ ቃል ነው፤ እጽፈዋለሁ፣ አጠፋዋለሁ። እስካሁን አልላክሁለትም።