ንጉሡን ያስጠበቁት ወይዘሮ

ወይዘሮ ገበያነሽ ሃያ ስምንት ዓመት የልደት መዝገብ ጸሐፊ ሆነው ሲሠሩ ከማንም ዕድሜ ላይ አንዲት ቀን አልቀነሱም፣ አልጨመሩም። ያልለመናቸው ግን የለም። የዚያን ዘመን ኳስ ተጫዋች ሁሉ በመስኮታቸው አልፏል ቢባል ብዙም ማጋነን አይሆንም። አንዱማ ቀንሱልኝ ሲል ሲል፣ የጠየቀው ቀን ከታናሽ ወንድሙ ልደት በኋላ የሚውል ሆኖ ተገኘ። "ታላቅህን አስፈቅደህ ና" ብለው መለሱት።

ጡረታ ሲወጡ እጃቸው ሥራ ፈታ። በሁለተኛው ወር ጀሞ ኮንዶሚኒየም ባለው ቤታቸው ውስጥ ያለ ዘይት፣ ዱቄትና የሳል ሽሮፕ ሁሉ የሚያበቃበት ቀን በደብተር ሰፈረ። ባለቤታቸው አቶ አባይነህ "ቀጥሎ ተረኛው እኔ ነኝ" እያሉ ለጎረቤት ማውራት ጀመሩ።

ያዳነቻቸው ሶሬቲ ናት። ሁለት ፎቅ ዝቅ ብላ የምትኖር፣ ለቡ አንድ ፋርማሲ ውስጥ የምትሠራ ልጅ ነች። በትርፍ ጊዜዋ ኑማር ስለሚባል፣ በየትኛውም ካርታ ላይ ስለማይገኝ አገር ልብ ወለድ ትጽፋለች። በየሳምንቱ አርብ አንድ ምዕራፍ በቴሌግራም ትለቃለች፤ አራት ሺህ ሰው ይከታተላታል። ኑማር ሁለት ጨረቃ አላት፤ ዘመን መቁጠሪያ ግን አልነበራትም። አንድ ቀን አንዱ አንባቢ "ያለፈው ሳምንት የሦስት ወር እርጉዝ የነበረችው ሴትዮ ዛሬ እንዴት ወለደች?" ብሎ ጻፈላት። ሶሬቲ ደረጃውን ወጥታ የወይዘሮ ገበያነሽን በር አንኳኳች።

በዚያ ሳምንት ከጀሞ እስከ ላፍቶ እንደሳቸው ደስ ያለው ሰው አልተገኘም። ጥቁር ባለጠንካራ ሽፋን መዝገብ ገዝተው ተቀመጡ። ትልቋ ጨረቃ በየሠላሳ አራት ቀኑ ትሞላለች፤ ትንሿ በየሃያ አንድ ቀኑ። ወሩ ሠላሳ አራት ቀን፣ ዓመቱ አሥር ወር ሆነ። ትርፍ ቀን የለም። "ጳጉሜ ስድስት የተወለደ ሰው በመጣ ቁጥር ግማሽ ቀን ይፈጅብኝ ነበር፤ ኑማር ውስጥ ማንም እንደዚያ አይጉላላም" አሉ። ሶሬቲ አንዱን ወር "የብር ጥላ የሚያነባበት" ልትለው ፈልጋ ነበር። "ከአምስት ፊደል የበለጠ ከፎርም ሳጥን አይገባም" ብለው ጤዛ አሉት። ፍም፣ ነዶ፣ ካፊያ እያሉ አሥሩንም ሰየሙ።

አምስት ወር እንዲህ በሰላም ሄደ። አንድ ረቡዕ ሶሬቲ ብስኩት ይዛ ከች አለች።

"እትዬ፣ የፊታችን አርብ ንጉሡን ልድረው ነው። ከነገሠ አርባኛ ቀኑ ነው።"

ወይዘሮ ገበያነሽ መነጽራቸውን አድርገው መዝገቡን ገለጡ። በኑማር ሕግ ንጉሣዊ ሙሽራ የምታገባው ሁለቱም ጨረቃዎች በሞሉበት ቀን ብቻ ነው፤ ሕጉን ያወጣችው ራሷ ሶሬቲ ነች፣ በመጀመሪያው ምዕራፍ።

"አይሆንም። ሁለቱ አብረው የሞሉት በነገሠበት ቀን ነው። ደግመው የሚገናኙት በሰባት መቶ አሥራ አራተኛው ቀን ነው። አርባው አልፏል። ስድስት መቶ ሰባ አራት ቀን ይጠብቅ።"

ሶሬቲ ብስኩቱን እንደያዘች ቀረች። "በዚያ አርብ እንዴት ናቸው?"

"ትልቋ ከሞላች ስድስት ቀን አልፏታል። ትንሿ ሁለት ቀን ይቀራታል።"

"በቃ ሞልተዋላ። በዓይን ቢያዩት ሙሉ ነው።"

"በዓይን መዝገብ አይያዝም፣ ልጄ።"

"አራት ሺህ ሰው ልብሱን ለብሶ ሠርግ እየጠበቀ ነው እኮ፣ እትዬ። ማን ቁጭ ብሎ ይቆጥራል?"

"እኔ።"

"ንጉሥ ነው።"

"ያሉትን ባለሥልጣኖች መልሻለሁ። እሱ ጭራሽ የሌለ ነው።"

ሶሬቲ ተነሣች። "እንግዲያው ያለ መዝገብ እጽፈዋለሁ" ብላ ወጣች። ብስኩቱንም ይዛው ሄደች።

ወይዘሮ ገበያነሽ መዝገቡን ዘጉ። እሺ ቢሏት የሃያ ስምንት ዓመት ንጹሕ ሥራቸው ይቆሽሻል፤ እምቢ ካሏት ደግሞ ልጅቷ ላትመለስ ነው፣ እሳቸውም ወደ ዘይትና ዱቄት መመለሳቸው ነው። ሐሙስ ጠዋት ቁርስ አልበላ አላቸው።

"ለሌለ ሰው ሠርግ ብለሽ ያለውን ሰው አስቀየምሽ" አሉ አቶ አባይነህ።

"ታዲያ ላጭበርብር?"

"ማን አጭበርብሪ አለሽ። አባትሽ ሽማግሌዎቼን ሦስት ጊዜ ሲመልስ እኔ አጭበረበርኩ? ዓመት ተኩል ከአዲስ አበባ ሆሳዕና ተመላለስኩ። አውቶብሱ ራሱ እኔን ካላየ አይነሣም ነበር። ሁለተኛው ሽማግሌ እንዲያውም በር ላይ ቆሞ ሲጠብቅ ጉንፋን ያዘው።"

"ደስ ብሎህ ነበር እንጂ የምትመላለሰው።"

"ታዲያስ። በየጊዜው አይሽ ነበራ፣ በመስኮት።"

ወይዘሮ ገበያነሽ ዳቦውን አስቀመጡ። ስልካቸውን አንሥተው የመጀመሪያውን ምዕራፍ በጣታቸው እየጎተቱ እንደገና አነበቡ። ሕጉ የሚለው፣ ሙሽሪት *ከአባቷ ቤት የምትወጣው* ሁለቱ በሞሉበት ቀን ነው። ሽማግሌ ስለ መላክ አንድም ቃል የለበትም።

ከሰዓት ሚኒባስ ይዘው ለቡ ወረዱ። ፋርማሲው ውስጥ አምስት ሰው ተሰልፏል። በተራቸው መስኮቱ ጋ ሲደርሱ ሶሬቲ፣ "ምን ልስጥዎት?" አለች፣ ኮስተር ብላ።

"አርብ ሠርጉን ተይውና ንጉሡ ሽማግሌ ይላክ። ይህ ቀን አይጠይቅም።"

"ከዚያስ?"

"አባትየው ይመልሳቸዋል። ዘውድ የጫነ ሰው ሽማግሌዎቹ በር ላይ ቆመው ሲመለሱበት አስቢው። ደግሞ ይልካል፣ ደግሞ ይመለሳል። ልጅቷ በመስኮት ታያለች። ስድስት መቶ ሰባ አራት ቀን አይበቃሽም?"

ከኋላ የሳል መድኃኒት የሚጠብቁ አንድ ሽማግሌ ጣልቃ ገቡ። "የየት አገር ንጉሥ ነው?"

"የኑማር" አሉ ወይዘሮ ገበያነሽ።

"እንግዲህ ሲላክ ሦስት ሰው ይሁን። አንዱ ቀልድ የሚያውቅ ይሁን፤ አለዚያ አይሳካም።"

ሶሬቲ ፊቷን ልታኮሳትር ሞከረች፣ አልሆነላትም። የማዘዣ ወረቀት ገልብጣ፣ "አንዱ ቀልድ የሚያውቅ" ብላ ጻፈች።

አርብ አሥራ ሁለት ሰዓት ምዕራፉ ወጣ። የንጉሡ ሽማግሌዎች በጉም ፈረስ ሄደው፣ የሙሽሪት አባት በር ላይ ፀሐይ እስክትጠልቅ ቆሙ፤ "ልጄ ገና ናት" ተብለው ተመለሱ። አንባቢው ለሁለት ተከፈለ፤ ግማሹ የሴት ወገን፣ ግማሹ የወንድ ወገን ሆኖ ሌሊቱን ሲሟገት አደረ። ሳር ቤት ሰፈር ያለ አንዱ ራሱ ሽማግሌ ሆኖ ልሂድ ብሎ አመለከተ። አንድ ነገር ላይ ግን ሁሉም ተስማሙ፤ የኑማር ቀን እንደኛ ቀን ይቆጠር፣ ስንት እንደቀረ በየጠዋቱ ይነገረን አሉ።

እነሆ በየጠዋቱ ወይዘሮ ገበያነሽ መዝገቡን ገልጠው አንድ ቀን ይሰርዛሉ፤ የቀረውንም ለሶሬቲ ይልኩላታል። ሶሬቲም ቅዳሜ ቅዳሜ ብስኩት ይዛ ትወጣለች።

"ይኼ ሠርግ ሲደርስ እንኳ ታርፊ ይሆናል" አሏቸው አቶ አባይነህ፣ ሻይ እየቀዱላቸው።

ወይዘሮ ገበያነሽ እርሳሳቸውን ቀረጹ። "ከሠርግ በኋላ ልጅ ይወለዳል፣ አባይነህ። ማን ይመዝግበው?"