የመጨረሻው ገጽ ሮቤ ነው

ልጅ እያለሁ ሮቤ ውስጥ የወንጀል ልብ ወለድ ተከራይቶ መጨረሻውን እቤቱ ያነበበ ሰው አላውቅም። መጨረሻው የሚገኘው ጋሽ ከድር ጋ ነበር። ጋሽ ከድር የጎባ ታክሲዎች ከሚቆሙበት ፊት ለፊት፣ አንዲት ጠባብ ሱቅ ውስጥ መጽሐፍ ያከራዩ ነበር። መንገደኛው እየተከራየ ወደ ጊኒር ይዞባቸው ሲሄድና በዚያው ሲቀር ጊዜ አንድ ዘዴ ፈጠሩ። የእያንዳንዱን መጽሐፍ የመጨረሻ ገጽ በምላጭ ቆርጠው የብስኩት ቆርቆሮ ውስጥ ያስቀምጡ ጀመር። «ገዳዩን ሳያውቅ እንቅልፍ የሚወስደው ሰው ካለ መጽሐፉን ይውሰደው፣ ሐላሉ ነው» ይሉ ነበር። እንዲህ ያለ ሰው አልተገኘም፤ መጽሐፉ ሁሉ ይመለስ ጀመር።

መመለስ ብቻውን ግን አይበቃም። ገጹን ለማግኘት ባንኮኒው ጋ ቆሞ ገዳዩ ማን እንደሆነ መናገር የግድ ነበር። ጋሽ ከድር በሲሚንቶ ከረጢት ወረቀትና በስንዴ ዱቄት ሙጫ ሽፋን እየለበጡ፣ ቀና ሳይሉ ያዳምጣሉ። ከዚያ አንዲት ጥያቄ ብቻ ይጠይቃሉ፤ «በምን አወቅህ?» መልሱ ካሳመናቸው ቆርቆሮው ይከፈታል። «እንዲያው ጠርጥሬ ነው» ያለ ሰው ግን አለቀለት። «ግምት ለሎተሪ ነው» ብለው መጽሐፉን መልሰው ያስታቅፉታል። ፀጉር አስተካካዩም፣ የስንዴ ነጋዴውም፣ ያ የምንፈራው የሒሳብ መምህራችን ሳይቀር እዚያ ባንኮኒ ላይ ሲለማመጡ በዓይኔ አይቻለሁ። የሙጫውና ዝናብ የመታው ጋቢ ሽታ ዛሬም ካፍንጫዬ አልወጣም።

እናቴ ነርስ ነበረች። አንድ ክረምት ወደ ደሎ መና ተዛወረችና ዕቃችን ሲታሰር እኔ እጅ ላይ አንድ መጽሐፍ ነበር። አንድ የቡና ነጋዴ በዝናብ ምሽት ሆቴል ውስጥ ተገድሎ ይገኛል። የሚጠረጠሩት ባለሆቴሏና ሰዓት ሠሪው ናቸው። ደሎ መና ያኔ ለእኔ ከተራራው ወዲያ ያለ ሌላ አገር ነው፤ አውቶቡሱ ሳይነሳ ገጹን ካላነበብኩ መቼም እንደማላነበው ገብቶኛል። ከጓደኞቼ መለየቱን እንደምንም እችለው ነበር። ገዳዩን ሳላውቅ መሄድ ግን ፈጽሞ አላስችል አለኝ።

ጠዋት ሮቤ እንደ ልማዷ ጉም ለብሳ ሳለ፣ ጭቃውን እየረገጥኩ ሮጬ ሱቁ ደረስኩ።

«አካም ቡልቴ፣ ኢንታላ ኮ?» አሉኝ ጋሽ ከድር፤ እንዴት አደርሽ ልጄ ማለታቸው ነው።

ሰላምታውን በወጉ እንኳ ሳልመልስ «ሰዓት ሠሪው ነው» አልኩ።

«በምን አወቅሽ?»

«ዓይኑ ደስ አይልም።»

ሽፋን መለበጣቸውን ትተው ቀና አሉ። እሳቸው ራሳቸው አንድ ዓይናቸው የደፈረሰ ነበር። «የእኔስ ዓይን ደስ ይላል? ወላሂ፣ በዓይን ቢፈረድ ኖሮ እኔ ስንቴ ተሰቅዬ ነበር።»

ለመንኳቸው። መሄዳችን መሆኑን ነገርኳቸው። አለቀስኩም። እናቴ ከውጭ ስሜን ትጣራለች፣ የአውቶቡሱ ጥሩምባ ይጮኻል፣ ቆርቆሮው ግን እንደተዘጋ ነው። «የቸኮለች አፍሳ ለቀመች» አሉኝና መጽሐፉን መልሰው እጄ ላይ አኖሩት። «ሐላልሽ ነው፣ ውሰጂው። ገጿ እዚህ ትጠብቅሻለች። ማስረጃ ስታገኚ ትመጫለሽ፣ ኢንሻላህ።» አውቶቡሱ ጎባን አልፎ ተራራውን ሲያያዘው፣ እኔ እየተነፋረቅኩ ከመጀመሪያው ገጽ ማንበብ ጀመርኩ።

ሰው ለምን ታሪክ እንዳጠናሁ ሲጠይቀኝ ትልልቅ ምክንያት እደረድራለሁ፤ እውነቱ ግን ይኸው ነው። ሥራዬ አሮጌ የወንጀል ልብ ወለዶችን አፈላልጎ፣ ግድፈታቸውን አርሞ፣ መቅድምና ማብራሪያ ጽፎ እንደገና ማሳተም ነው። ባልደረቦቼ «ዶክተር፣ ነገሥታቱን ትተሽ ከነፍሰ ገዳይ ጋ ገጠምሽ?» እያሉ ይቀልዱብኛል። ይቀልዱ። ሰው ስልክ ለመደወል እንዴት ተራ ይጠብቅ እንደነበር፣ ሆቴል ሲያድር ምን ይፈራ እንደነበር የነገሩኝ ነገሥታቱ አይደሉም። ታዲያ ባለፈው ዓመት የዚያ የሆቴል ታሪክ የመታተም ተራው ደረሰ። ሌላ ቅጂ ብፈልግ ብፈልግ ጠፋ። ያለው የእኔው ጎዶሎ ብቻ ነው። አሳታሚው በየሳምንቱ ይነዘንዘኛል፤ ጋሽ ከድር በሕይወት ይኑሩ አይኑሩ እንኳ አላውቅም።

ሄድኩ። ሮቤ አስፋልቷ ረዝሞ፣ ባጃጇ በዝቶ ጠበቀችኝ። ሱቋ የሞባይል መለዋወጫ መሸጫ ሆናለች። በሯ ላይ የቆሙት ልጆች የየትኛውንም ታሪክ መጨረሻ በአውራ ጣታቸው ያገኙታል። ቀናሁባቸው፣ ትንሽም አዘንኩላቸው፤ በምን አወቃችሁ የሚላቸው የለም። ባለሱቁ የጋሽ ከድር ልጅ ኖሯል፤ ወደ ጓሮ ይዞኝ ገባ። ጋሽ ከድር ጋቢያቸውን ደርበው ፀሐይ ይሞቃሉ። አሁን ሁለቱም ዓይኖቻቸው ደክመዋል። እጃቸውን ስሜ ማንነቴን ብነግራቸው ፊታቸው በራ።

«ያቺ ሰዓት ሠሪውን የከሰሰችው! እህ፣ በምን አወቅሽ?»

«ተሳስቼ ነበር፣ ጋሽ ከድር። ገዳይዋ ባለሆቴሏ ናት» አልኩ። ማስረጃዬን እንደ ጠበቃ ዘረዘርኩ። ባለሆቴሏ ገባሁ ባለችበት ሰዓት ዝናብ አልጀመረም፤ ነጠላዋ ግን እርጥብ ነበር። ስለዚህ ሰዓቱን ዋሽታለች። ጋሽ ከድር እስክጨርስ ሰምተው «አሁን ገና ሰው ሆንሽ» አሉና ቆርቆሮውን አስመጡልኝ። ገጿ ቢጫ ሆናለች እንጂ ደህና ናት።

«ድምፅሽን ከፍ አድርገሽ አንብቢልኝ፤ እኔም አላውቀው።»

«እንዴት አያውቁትም?»

«አንዱንም አንብቤ አላውቅም። ባነብ ኖሮ ፊቴ ያሳብቅብኝ ነበር።»

ያ ሁሉ ሰው ፊታቸውን እያየ ሲርበተበት፣ መልሱን እሳቸውም አያውቁትም ነበር ማለት ነው። ገርሞኝ ማንበብ ጀመርኩ። ገዳዩ ሰዓት ሠሪው ነው። የሆቴሉን የግድግዳ ሰዓት ወደ ኋላ መልሶት ኖሮ ምስኪኗ ባለሆቴል ያየችውን ሰዓት ነው የተናገረችው። እኔም ይኸው ስንት ዓመት ተምሬ ንጹሕ ሰው ከሰስኩ።

ድሮ ከሱቋ አልቅሼ ወጣሁ፤ ዛሬ ጓሮዋ ውስጥ ሁለታችንም እንባችን እስኪመጣ ሳቅን።

«እንግዲያው ያኔ ልክ ነበርኩኮ፣ ጋሽ ከድር» አልኳቸው።

«ልክ ነበርሽ» አሉ ዓይናቸውን በጋቢያቸው እየጠረጉ። «ቢሆንም ገጿን አልሰጥሽም ነበር።»