እሷ ያላፈረችበት ሥራ

በሥራዬ የምንከባከባት ጃፓናዊት አሮጊት በወጣትነቷ ተዋናይ ነበረች። ሆሊውድ ባለው አፓርታማዋ ውስጥ ፊልሟን ስታሳየኝ፣ ልብሷን የምታወልቅበት ጋ ሲደርስ ፊቴን በሁለት እጄ ሸፈንኩ። እጆቼን አወረደቻቸው።

«እኔ ያላፈርኩበት አንቺን ምን አሳፈረሽ? እዪው፣ ሥራዬ ነው» አለችኝ።

አየሁት። እንደዚያ አድርጎ የሚጫወት ሰው አይቼ አላውቅም።

ባለፈው ቅዳሜ ፌርፋክስ መንገድ ላይ ያለ የሐበሻ ምግብ ቤት ምሳ ጋበዝኳት። ከቤተክርስቲያን የማውቃቸው አንድ ጋሼ ሰላም ሊሉን መጡና ወደ እሷ እያዩ «ሥራቸው ምን ነበር?» አሉኝ። ድሮ ቢሆን ጡረተኛ ናቸው ብዬ አልፍ ነበር።

«ተዋናይ ናቸው፣ ጋሼ። ራቁታቸውን የተጫወቱበት ፊልም አገር አንጫጭቷል» አልኩ፣ ድምፄን ሳልቀንስ።

አሮጊቷ አማርኛ ስለማትሰማ ምን እንዳልኩ ጠየቀችኝ፤ በእንግሊዝኛ ነገርኳት። ቀና ብላ እጇን ዘረጋች። ጋሼ ባርኔጣቸውን አውልቀው፣ ጎንበስ ብለው ጨበጧት።