የክትባትወርቅ አባት

ልጅ ሳለ ፈንጣጣ ቤታቸው ገብቶ አምስት ወንድሞቹን ጨረሰ፤ እሱን ግን ፊቱን እንደ ወንፊት በሳስቶ ተወው። ይህን የነገረችኝ ጎረቤቱ ናት። ስሙን አልጠየቅሁም። በ፲፱፻፸፪ ዓ.ም. አርብ ገበያ ላይ ልጆች ለትምህርት ሲመዘገቡ ከፊቴ ተሰልፎ ነበር። ቁምጣው በየቦታው ተጥፏል፤ ነጠላው ግን ታጥቦ ነጽቷል። የሴት ልጁን ጉንጭ፣ አሁንም ልስልስ መሆኑን እንደሚያጣራ ሰው፣ በየጊዜው በአውራ ጣቱ ይዳብሳል።

«የልጅቱ ስም?» አለ ወጣቱ መዝጋቢ።

«ክትባትወርቅ።»

ሰልፉ በሳቅ አውካካ።

«አባቴ፣ እንዲህ ያለ ስም አልጽፍም። ‹ትግልወርቅ› ልበላት?»

«ትግሉንማ ታግያለሁ! ከታቢው ሲመጣ ጎታ ውስጥ ደበቅኋት። ‹ልጅ የለዎትም?› ቢለኝ፣ ‹በታቦቱ፣ የለኝም› ብዬ ማልሁ። ወዲያው ጎታው አነጠሰ።»

«ወርቁስ ከየት መጣ?»

«ከታቢው አውጥቶ ከከተባት በኋላ ዶሮ ብሰጠው አልቀበልም ብሎ ሄደ። ምን ላድርግ? ወርቁን በስሟ ላይ ጨመርሁለት።»

ጎረቤቱ ከኋላ ጮኸች፦ «እናቷ ስትጠራት የሰፈሩ ልጅ ሁሉ ክንዱን ይዞ ይደበቃል እኮ!»

መዝጋቢው ብዕሩን አስቀመጠ። «ስታድግ ይስቁባታል፣ አባቴ። ይቀየር።»

ሰውየው ጎንበስ ብሎ ጉንጩን ከልጁ ጉንጭ ጋር አጋጠመ።

«ይሳቁባት። እኔን ያየ ሰው ፊቱን ያዞራል እንጂ ስቆ አያውቅም። ለእኔ ዋናው ይቺ ጉንጭ ናት። በል ጻፍ፣ ልጄ፤ ወርቁንም እንዳትረሳ።»